ሥራው ሳይበዛ የሚደክመው ሠራተኛ

ደሴ ላይ አንድ የቢሮ ሠራተኛ «ሥራ እንዴት ነው?» ተብሎ ሲጠየቅ መልሱ የታወቀ ነው። «ያው ነው፤ እየተገፋ ነው።» ፒያሳ ጠይቁ፣ ሙጋድ ጠይቁ፣ ኮምቦልቻ ወርዳችሁ ጠይቁ፣ ብዙም አይለይም። የደሞዙ ነገር አለ፤ እሱን ማንም ያውቀዋል። ከመስከረም 2018 ጀምሮ የመንግሥት ሠራተኛ ዝቅተኛ ደሞዝ ከ4,760 ወደ 6,000 ብር ከፍ ብሏል፤ ገበያው ግን ቀድሞት ሄዷል። እኔ ላወራ የፈለግኩት ግን ስለ ሌላ ድካም ነው። ከጠዋት እስከ ማታ ወንበር ላይ የዋለ ሰው፣ ምናልባት አምስት ደብዳቤ ብቻ የነካ ሰው፣ ቤቱ ሲገባ ድንጋይ ሲፈልጥ የዋለ ይመስል ይዘረራል። ምን ሠርቶ ነው?

«ስንፍና ነው» ብሎ መዝጋት ቀላል ነው። ባለጉዳይ ሆኖ በር ላይ የቆመ ሰው እንዲህ ቢል አልፈርድበትም። ግን ስንፍና ቢሆን ኖሮ ሰውየው ማታ ትኩስ ሆኖ ይገባ ነበር። ሰነፍ አይደክመውም።

ሁለተኛው የተለመደ መልስ «ሥራው ተደጋጋሚ ስለሆነ ነው» የሚል ነው። ይሄኛው ትንሽ ይቀርባል። ግን ሰኞ ገበያ ሄዳችሁ መኪናውን ዘርግቶ የተቀመጠውን ልብስ ሰፊ እዩት። ቀኑን ሙሉ ሱሪ ያሳጥራል። አንዱን ጨርሶ ሌላውን ይጀምራል። ከዚህ የበለጠ ተደጋጋሚ ምን አለ? ሆኖም ባለ ሱሪው እዚያው ለክቶት፣ «ትንሽ ረዘመብኝ» ብሎ፣ ተስተካክሎለት፣ አመስግኖ ይሄዳል። ልብስ ሰፊው ይደክመዋል፤ ግን ምን ሲሠራ እንደዋለ ያውቃል። የቢሮው ሰው የጎደለው ይህ ነው። እጁ ላይ የገባው ነገር ከእጁ ሲወጣ የት እንደሚደርስ አያይም። ድካሙ የሚወለደው ከዚህ ይመስለኛል። ባለጉዳዩን የሚያንገላታው «ነገ ተመለስ»ም የሚወለደው ከዚሁ ነው።

የአንድ ወረቀት መንገድ

የቤት ካርታቸው የጠፋባቸውን አንድ አባት እናስብ። ምትክ ይፈልጋሉ። ማመልከቻ አስጽፈው ይመጣሉ። መዝገብ ቤት ያለችው ልጅ ቁጥርና ቀን ትጽፍበታለች፤ ፋይሉን ፈልጋ ታያይዛለች። ፋይሉ ኃላፊው ጋ ይገባል። ኃላፊው ጠርዙ ላይ «በአሠራሩ መሠረት አስተናግዱ» ብሎ ይመራዋል። ቡድን መሪው ደግሞ ከሥሩ «አይተህ አቅርብ» ብሎ ለባለሙያ ይመራዋል። ባለሙያው አጣርቶ ማስታወሻ ይጽፋል። ማስታወሻው በመጣበት ደረጃ ተመልሶ ይወጣል። ደብዳቤ ይዘጋጃል፣ ይፈረማል፣ ቲተርና ማህተም ይመታበታል፣ የወጪ ቁጥር ይሰጠዋል፣ ግልባጩ ፋይል ውስጥ ይገባል።

በዚህ ሰንሰለት ውስጥ እያንዳንዱ ሰው የሠራው የደቂቃዎች ሥራ ነው። ማንም ግን «ለእኚህ አባት ካርታ አወጣሁላቸው» ብሎ መናገር አይችልም። የመዝገብ ቤቷ ልጅ የሰጠችው ቁጥር ነው። ኃላፊው የሰጠው ፊርማ ነው። ባለሙያው የሰጠው «አስተያየት» ነው። አባት በመሀል መጥተው «ልጄ፣ ጉዳዬ የት ደረሰ?» ሲሏት እውነተኛው መልስ «አላውቅም» ነው። «አላውቅም» ማለት ስለሚከብድ «አባባ፣ ነገ ይምጡ» ትላለች። ነገም ሲመጡ ያው ናት፣ ያው ወንበር ነው፣ መልሱም ያው ነው። ሰዉ ሲቆጣ ደግሞ የሚቆጣው እሷ ላይ ነው፤ መስኮቱ ጋ ያለችው እሷ ናታ!

ይህን የሥራ መቆራረጥ ቀድመው ያዩት ሰዎች የጻፉት ስለ ፋብሪካ ነበር። ካርል ማርክስ በ1844 (እ.ኤ.አ.) ፓሪስ ሆኖ፣ ገና የ26 ዓመት ወጣት ሳለ፣ ሠራተኛው ከሠራው ዕቃ፣ ከሥራው፣ ከሰውነቱና ከባልንጀሮቹ ባዕድ እየሆነ እንደሚሄድ ጻፈ። ጽሑፉ የታተመው ማርክስ ከሞተ በኋላ በ1932 ነው። በደርግ ጊዜ በየመሥሪያ ቤቱ በነበረው የውይይት ክበብ ስለ ማርክስ ብዙ ተወርቷል። ስለዚህኛው ጉዳይ ግን፣ እዚያው ክበቡ ውስጥ ስለሚያዛጋው ሠራተኛ ማለቴ ነው፣ ብዙ የተባለ አይመስለኝም።

ከዚያ አሜሪካዊው መሐንዲስ ፍሬድሪክ ቴይለር መጣ። በ1911 (እ.ኤ.አ.) ያሳተመው ሐሳብ አጭር ነው፤ የሚያስበው ሌላ፣ የሚሠራው ሌላ ይሁን። ሥራ ይከፋፈል፣ እያንዳንዱ ቁራጭ በሰዓት ይለካ። ኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ በ2009 ዓ.ም. ሲከፈት ወደ ልብስ ስፌቱ መስመር የገቡ ወጣቶች ይህን በአካል ያውቁታል። አንዷ ኮሌታ ትሰፋለች፣ አንዷ ኪስ። የሰዓት ኮታ አለ። ከባድ ሥራ ነው፤ አላቆነጀውም። ግን አንድ ነገር አለ፤ መስመሩ መጨረሻ ላይ ሸሚዙ ተሰቅሎ ይታያል። በደርግ ዘመን በተተከለው የኮምቦልቻ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካም ቢሆን ጨርቁ ሲወጣ ይታያል። ቢሮው የቴይለርን መከፋፈል ወስዶ ሸሚዙን ትቶታል።

የቢሮው መስመር መጨረሻ ላይ ያለው ሪፖርት ነው። የሳምንት፣ የወር፣ የሩብ ዓመት፣ የመንፈቅ፣ የዘጠኝ ወር። ከቀበሌ ወደ ክፍለ ከተማ፣ ከዚያ ወደ ከተማ፣ ከዚያ ወደ ክልል እየተጠቃለለ ይወጣል። የሚጽፈው ሰው ማን እንደሚያነበው አያውቅም። ያለፈውን ዓመት ፋይል ከፍቶ ቁጥሩን ቀይሮ ዓመተ ምሕረቱን መቀየር የረሳ ሰው ታሪክ በየቢሮው አለ። ወሬው ሲነገር ሁሉም ይስቃል። የሚያስቀው ስህተቱ ብቻ አይደለም፤ ማንም «ዓመቱ ተሳስቷል» ብሎ አለመመለሱም ነው።

ስለ አለቆች ጭንቀት የተሳሳትነው

አብዛኞቻችን ጭንቀት የሚገድለው አለቃን ነው ብለን እናስባለን። ስልኩ ይጮሃል፣ ስብሰባው አያልቅም፣ ኃላፊነቱ ከባድ ነው። እንግሊዝ አገር በመንግሥት ሠራተኞች ላይ የተደረገው ትልቁ ጥናት ግን ተቃራኒውን አሳየ። «ኋይትሆል» ይባላል፤ በ1967 (እ.ኤ.አ.) የተጀመረ ነው። በልብ ሕመም የመሞት ዕድል በዝቅተኛው የሥራ ደረጃ ያሉት ወንዶች ላይ ከከፍተኛው ደረጃ ሰዎች ወደ ሦስት እጥፍ ገደማ ሆኖ ተገኘ። በ1985 የተጀመረው ሁለተኛው ዙር 10,308 ወንዶችንና ሴቶችን ይዞ ምክንያቱን ፈለገ። ማጨስ፣ የደም ግፊት፣ ውፍረት ሁሉ ተቆጥረው ልዩነቱ ሙሉ በሙሉ አልተገለጸም። ከወጡት ነገሮች አንዱ ሰውየው በሥራው ላይ ያለው የመወሰን ዕድል ነበር። ምን ቀድሞ፣ መቼ፣ እንዴት እንደሚሠራ ራሱ መወሰን የማይችል ሰው ልቡ የመጎዳት ዕድሉ ከፍ ይላል።

እነዚህ ሰዎች በደሴ መመዘኛ የተደላደሉ ነበሩ። ሥራቸው ቋሚ ነው፣ ጡረታ አላቸው፣ በነጻ ይታከማሉ። እንዲያም ሆኖ ነው። ስለዚህ «ሥራ ያለው ሰው ምን ያማርራል?» የሚለው ነገር፣ ሥራ አጥ በበዛበት ከተማ ሚዛን ቢደፋም፣ ጉዳዩን አይዘጋውም። ሥራ አጡ ወንድም የተከፋበት ምክንያት ሌላ ነው፤ የተቀጠረችው እህት የደከመችበት ምክንያት ሌላ ነው። አንዱ ሌላውን አያስተባብልም።

በ1970ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ሃክማንና ኦልድሃም የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን ተመራማሪዎች ሥራን ትርጉም ያለው የሚያደርገው ምን እንደሆነ አምስት ነገር ዘርዝረው ነበር። አምስቱንም አልደረድርም። የእኛን ቢሮ የሚመለከቱት ሦስቱ ናቸው። ሥራውን ከመነሻው እስከ መጨረሻው ይዞ መጨረስ፣ በራስ መወሰን፣ ከዚያ ደግሞ የሠሩት ምን እንዳመጣ መስማት። የእኚያን አባት ፋይል በእነዚህ ሦስት መዝኑት። ዜሮ፣ ዜሮ፣ ዜሮ።

የለቅሶው ምሥጢር

አሁን አንድ እንግዳ ነገር ልንገራችሁ። ለአንድ ደብዳቤ ሁለት ሳምንት የሚፈጅ ቢሮ፣ የባልደረባ እናት አረፈች ሲባል በሁለት ሰዓት ውስጥ ሁሉን ነገር ይጨርሳል። አንዷ ስም ዝርዝር ትይዛለች። አንዱ ገንዘብ ይሰበስባል፤ ሳንቲም አይጎድልም። ሌላው ሚኒባስ ይዋዋላል። ወረኢሉ ይሁን ኩታበር፣ ሙስሊም ይሁን ክርስቲያን፣ ሁሉም ተሳፍሮ ይሄዳል። ማንም «ለሚመለከተው ይመራ» አይልም። ዕቁቡም እንዲሁ ነው፤ ወር በገባ ቁጥር ያለ ቃለ ጉባኤ፣ ያለ ኦዲት፣ በሰዓቱ ይጣላል።

ሰዎቹ ያው ናቸው። ሰነፎች ቢሆኑ፣ ማደራጀት የማይችሉ ቢሆኑ፣ ይህን ከየት አመጡት? ልዩነቱ ለቅሶው ላይ መጨረሻውን ማየታቸው ነው። ባልደረባቸው ሲደርሱ ተነሥታ ታቅፋቸዋለች። ማን ምን እንዳደረገ ይታወቃል። ደግሞ ሁሉም በየራሱ ይወስናል፤ «ሚኒባሱ 14 ሰው ነው፣ ሁለት እንያዝ» ለማለት የማንም ፊርማ አያስፈልግም። እኔ የደሴን ቢሮ ሠራተኛ ችሎታ መለካት ብፈልግ ከመንፈቅ የሥራ አፈጻጸም ምዘናው ይልቅ ለቅሶው ላይ ብለካው ይሻለኛል።

ሥልጠና የሚወደድበት ምክንያትም ከዚሁ ይነሣል። «ለአበሉ ነው» እንላለን። አበሉ አለ፤ ማንም አይጠላውም። ግን ሰዉ የሚናፍቀው ቀኑ መሰበሩን ጭምር ነው። በሕጉ የመንግሥት ሠራተኛ የሥራ ሰዓት በሳምንት ከ39 አይበልጥም። ጠዋት 2፡30፣ ምሳ 6፡30፣ ማታ 11፡30፤ ዓርብ ብቻ 5፡30 ወጥቶ 7፡30 ይመለሳል። ጁምዓ ያለበት ሰግዶ ይመለሳል፣ የሌለበት ደግሞ የሳምንቱን ጉዳይ ይጨርሳል። ብዙ ሰው ከሳምንቱ ሁሉ ዓርብን የሚወደው ነገ ቅዳሜ ስለሆነ ብቻ አይመስለኝም። ኮምቦልቻ ቤት ኖሮት ደሴ የሚሠራው ደግሞ በዚህ ላይ የሐረጎን መንገድ ይጨምራል። 25 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ 600 ሜትር ገደማ ሽቅብ ነው። ከሙቀት ተነሥቶ ብርድ ውስጥ ይገባል።

ወረቀቱ የጠፋ ጊዜ

በጥቅምት 2014 ማብቂያ ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ገባ። ከተሞቹ ዳግም በመንግሥት እጅ የገቡት ህዳር መጨረሻ ላይ ነው። የደሴ ሆስፒታል ተዘረፈ። ወሎ ዩኒቨርሲቲም፣ የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክም ተዘረፉ። በየመሥሪያ ቤቱም ኮምፒውተር ተወሰደ፣ ፋይል ተበተነ። ያንን ጊዜ በጎ ገጽታ አለው ለማለት አይደለም የማነሣው። የሞተው ሞቷል፤ የተፈናቀለውም ብዙ ነው።

ግን ያ ወቅት ስለ ቢሮ ሥራ አንድ ነገር አሳይቷል። ሰዉ ተመልሶ ሲመጣ የጠፋበትን ይዞ መጣ። መታወቂያ የለኝም፣ የልጄ የልደት ሰርተፍኬት ተቃጥሏል፣ የቤቴ ካርታ የለም፣ የጡረታ ደብተሬ የለም። መሬት ላይ የተበተነውን ወረቀት እየለቀመ፣ አቧራውን እያራገፈ በስም የደረደረ ሠራተኛ በዚያን ቀን ምን እየሠራ እንደነበር ያውቃል። ፋይሉ ሲገኝ ባለቤቱ አጠገቡ ቆሟል። ከዚያ በፊት ለዓመታት ቁጥር ሲጽፍበት የኖረው ዶሴ የአንድ ሰው ቤት፣ የአንድ ሰው ጡረታ እንደነበር ዓይኑ እያየ ተረዳ። ሥራው ከቀድሞው ከባድ ነበር፤ ወንበር እንኳን የሌለበት ቢሮ ነበር። ትርጉም የለውም ለማለት ግን አይቻልም ነበር።

ከዚያ ኮምፒውተር ተተካ፣ ወንበር ተገዛ፣ ሞዴል 19 የሚባለው የንብረት ገቢ ደረሰኝ ተሞልቶ ንብረት ክፍል ገባ። የምሪቱ ሰንሰለትም እንደገና ተዘረጋ።

ለምን ማሻሻያው አላሻሻለም?

ይህን ችግር ያላየ መንግሥት የለም ማለት ይቻላል። ዳግማዊ ምኒልክ የመጀመሪያዎቹን ሚኒስትሮች በጥቅምት 1900 ዓ.ም. ከሾሙ ወዲህ ቢሮው ስንት ጊዜ ታደሰ! በእኛ ዕድሜ ያለው ቢፒአር ነው። መሠረታዊ የሥራ ሂደት ለውጥ። ሐሳቡን አሁንም እወደዋለሁ። የተቆራረጠ ሥራ ይገጣጠም፣ አንድ ባለሙያ ጉዳዩን ከጫፍ እስከ ጫፍ ይጨርስ ነበር የሚለው። ማለትም ልክ ይህን በሽታ ነበር የሚያክመው።

የሆነው ግን ሌላ ነው። ግድግዳ ፈረሰ፣ ጠረጴዛ ተደረደረ፣ መምሪያው «የሥራ ሂደት» ተባለ፣ ኃላፊው «የሂደት ባለቤት» ተባለ። የመወሰን ሥልጣኑ ግን ከላይ አልወረደም። ፊርማው የነበረበት ቀረ። ባለሙያው ጉዳዩን ከጫፍ እስከ ጫፍ ይዞት ይሄድና መጨረሻ ላይ ያንኑ ፈራሚ ይጠብቃል። ፈራሚው ስብሰባ ላይ ነው።

ከዚያ ውጤት ተኮር ምዘናው መጣ፤ ሠራተኛ በዓመት ሁለት ጊዜ በነጥብ መመዘን ጀመረ። ነጥቡን ሁሉም ያውቀዋል፤ ከፍ ያለ ነው። ማንም ባልደረባውን ዝቅ አድርጎ ከነገ ጀምሮ ፊት ለፊቱ መቀመጥ አይፈልግም። ልኬቱ ግን የሚቆጠረው ላይ ነበር፤ ስንት ደብዳቤ፣ ስንት መድረክ፣ ስንት በመቶ። እኚያ አባት ካርታቸውን ይዘው ወደ ቤታቸው መግባታቸው የሚጻፍበት ሣጥን ቅጹ ላይ የለም።

አሁን ተራው የዲጂታል ነው። ከ2017 ጀምሮ መሶብ የሚባለው የአንድ ማዕከል አገልግሎት ከአዲስ አበባ ተነሥቶ ወደ ክልሎች እየወጣ ነው። ለባለጉዳይ ጥሩ ነገር ነው፤ ደረጃ መውጣትና መውረድ ቀረለት። ለሠራተኛው ግን የሚወሰነው በአንድ ነገር ነው። መስኮቱ ጋ የተቀመጠው ሰው እዚያው ይወስናል ወይስ ተቀብሎ ወደ ኋላ ይልካል? ወደ ኋላ የሚልክ ከሆነ መዝገብ ቤቱ ኮምፒውተር ሆነ እንጂ አልተለወጠም። «ሲስተም የለም» የሚለው መልስ ደግሞ ከድሮው «ኃላፊው የሉም» ይብሳል። ኃላፊው ቢያንስ ከስብሰባ ይመለሳሉ።

ሥልጣን ወደ ታች ይውረድ ስል የምሰማው ተቃውሞ አንድ ነው፤ «ጉቦ ይበዛል»። የዋዛ ተቃውሞ አይደለም። የአንድ ሰው ፊርማ የሚበቃ ከሆነ የአንድ ሰው ኪስም ይበቃል ማለት ነው። ግን አሁን ያለውን እንይ። አምስት እጅ የሚያልፍ ፋይል ጉቦ የሚጠየቅበት አምስት በር አለው። ሲበላሽ ደግሞ ማን እንዳበላሸው አይታወቅም፤ ሁሉም «እኔ መራሁ እንጂ አልወሰንኩም» ይላል። ጀርመናዊው የማኅበረሰብ ተመራማሪ ማክስ ቬበር የቢሮክራሲን ጥቅም ሲያስረዳ ያለ ዝምድናና ያለ ቂም በሕግ ብቻ መሥራቱን አንሥቷል። ያ ጥቅም የሚገኘው ሕጉን ከሚያውቅ ባለሙያ ነው፤ ከፊርማ ብዛት አይደለም። ባለሙያው በስሙ ይወስን፣ ውሳኔው ላይ ስሙ ይታይ፣ ከወር በኋላ ሌላ ሰው ከመሀል የተወሰኑትን አንሥቶ ይመርምር። ይህ ከአምስት ቅድመ ፊርማ ይሻላል።

ሁሉንም በአንድ ቀን ማድረግ አይቻልም፤ መሬትና ግብር ላይ መቸኮልም አያስፈልግም። ከመታወቂያ እድሳት፣ ከያላገባ ማስረጃ፣ ከነዋሪነት ደብዳቤ መጀመር ይቻላል። እነዚህ ላይ የሚወሰን ነገር እንኳን ብዙ የለም፤ ሰነዱ አለ ወይም የለም። እንዲህ ላለ ነገር ሊቀ መንበር ወይም ሥራ አስኪያጅ እስኪመጣ የሚጠበቅበት ምክንያት ምን እንደሆነ፣ ቢያንስ እኔን፣ እስካሁን ያስረዳኝ ሰው የለም።